የዴካ ድፍድፍ

መጽሐፉ ሽፋን አልነበረውም። ልጄ ከትምህርት ቤቷ የመጻሕፍት ሣጥን ውስጥ ያገኘችው የእንግሊዝኛ የልጆች መጽሐፍ ነው። ከእሷ በፊት ስንት ልጅ እንዳገላበጠው እንጃ፤ የመጀመሪያዎቹ ገጾች ጠፍተው ታሪኩ ከመሃል ነበር የሚጀምረው። ከሰዓት በኋላ ከክፍል ስትመለስ ከጎሚስታ ሱቄ ደጅ በተጋደመው የከባድ መኪና ጎማ ላይ ቁጭ ብላ ታነብልኛለች። ታነብልኛለች ስል አንድ መስመር በእንግሊዝኛ ታነብና ሦስት መስመር በአማርኛ ታወራልኛለች ማለቴ ነው። አማርኛዋ የሞያሌ ልጅ አማርኛ ነው፤ አንዱ ቃል ከኦሮምኛ፣ አንዱ ከስዋሂሊ፣ በየመሃሉ ደግሞ የእኔ እርማት።

ሰው ቃል ሲያበላሽ ዝም ማለት አልችልም። በወጣትነቴ ከአገር ወጥቼ ኬንያ ውስጥ ዋልዳ የስደተኞች መጠለያ በነበርኩ ጊዜ እንኳ፣ ሰው ሁሉ ዱቄት ለመቀበል ሲሰለፍ እኔ ከኋላዬ ከቆመው ሰው ጋር «እንዲህ ይባላል፣ እንዲያ አይባልም» እያልኩ እጨቃጨቅ ነበር። እንግሊዝኛዬ ትምህርቴ የተቋረጠበት ቦታ ላይ ቆሟል፤ አማርኛዬን ግን ማንም እንዲነካብኝ አልፈልግም። ሚስቴ ይህን ጠባዬን የቀይ እስክሪብቶ በሽታ ትለዋለች። መጠለያው ተዘግቶ ሰው ሲበተን እኔ ድንበሩ ላይ፣ በኬንያ በኩል ባለችው ሞያሌ ቀረሁ። ጎማ መጠገን ተማርኩ፤ ሰፈሩም «ፉንዲ» ይለኝ ጀመር። በስዋሂሊ ባለሙያ ማለት ነው። ይህን ቃል አርሜው አላውቅም።

በዚያ ሰሞን ከኢሲዮሎ የሚመጣው አስፋልት ወደ እኛ እየተጠጋ ነበር። ከተማው በሙሉ ደስ ብሎታል፤ እኔ አኩርፌያለሁ። እንጀራዬ ኮረኮንቹ ነበር። ሥራ እየቀነሰ ስለመጣ ታሪክ ለመስማት ጊዜ ሞልቶኛል፤ ለዚህ ለዚህ አስፋልቱን አልወቅሰውም።

«እዚያ አገር ብርድ ነው» አለች ልጄ አንድ ቀን፣ እግሮቿን ከጎማው ላይ እያንጠለጠለች። «ዝናብ ነው ሁልጊዜ። ልጆቹ በጋ ላይ ቅርጫት ይዘው ቀይ ፍሬ ይለቅማሉ። ከስኳር ጋር ያፈሉታል፤ ያጠሉታል፤ ጠርሙስ ውስጥ አድርገው ጨለማ ቤት ያስቀምጡታል። እንግዳ ሲመጣ ትንሽ ቀድተው ውሃ ይጨምሩበታል። ስስ ብርጭቆ አለ። ቀይ ነው መጠጡ። እንግዳው ጠጥቶ ደስ ይለዋል።» ከዚያ ጨመረች፤ «ግን አያሰክርም አባዬ። ቲቸርን ጠይቄያታለሁ።»

አንድ የአሥራ አንድ ዓመት ልጅ ስለ ልጆች መጠጥ ያንን ለምን እንደጠየቀች ያን ጊዜ አልታየኝም። እኔ የታየኝ ቃሉ ነው።

«እንግሊዝኛው ምን ይለዋል?»

«ኮርዲያል ይለዋል። በአማርኛ ምንድን ነው?»

«ጭማቂ ነዋ።»

«አይደለም። ጁስ አይደለም። ወፍራም ነው። ለብቻው አይጠጣም፤ ማጂ ሲጨመርበት ነው የሚጠጣው።»

«ማጂ ሳይሆን ውሃ» አልኳት። ከዚያ አሰብ እንኳ ሳላደርግ «ወፍራም ሆኖ ውሃ የሚጠብቅ ከሆነማ ድፍድፍ ነዋ» አልኩ።

«ድፍድፍ» አለች፤ ቃሉ ጥሟታል። «ድፍድፍ። እንሥራ አባዬ?»

አንባቢዬ ድፍድፍ ምን እንደሆነ ያውቃል። የጠላ ነገር ነው። ጌሾና ብቅል ያለበት፣ ጋን ውስጥ ሆኖ ውሃውን የሚጠብቅ። ሽሮፕ የሚል ቃል ነበረልኝ፤ የሳል መድኃኒት የጠጣ ሰው ሁሉ ያውቀዋል። ለልጅ የሚሰጥ የማያሰክር መጠጥ ከተፈለገ ደግሞ ብርዝን የመሰለ ቃል አለ። ከዚያ ሁሉ ውስጥ አፌ ላይ የቀደመው ድፍድፍ ነው። ለምን እንደቀደመ ለማወቅ ምሁር መሆን አያስፈልግም። እኔ ጠጪ ነበርኩ።

በቤታችን መጠጣቴ ሌላ ስም ነበረው። «ማዶ» እንለው ነበር። በእኛ በኩል የሚበዛው ሰው ሙስሊም ስለሆነ መጠጥ ቤቱ ያለው ድንበሩን ተሻግሮ በኢትዮጵያ ሞያሌ ነው፤ እኔም ሱቄን ስዘጋ ወደዚያ እሻገራለሁ። ልጆቹ «አባዬስ?» ሲሉ እናታቸው «ማዶ ነው» ትላቸዋለች፤ ሁሉም ይገባቸዋል። በመጨረሻ ማዶ የሄደችው ራሷ ሚስቴ ነች። ትንሹን ወንድ ልጃችንን ይዛ እህቷ ቤት ገባች፤ ሴቷን ልጅ ከትምህርቷ እንዳትስተጓጎል እኔ ዘንድ ተወቻት። ስትወጣ አልጮኸችም። «ትምህርት እስኪዘጋ አያለሁ። የምመለስ ከሆነ ያን ጊዜ እመለሳለሁ፤ ካልሆነ ልጄን መጥቼ እወስዳለሁ» አለች። እኔም ያን ዕለት አቆምኩ። ከዚያ ወዲህ ጠብታ አልቀመስኩም፤ ግን ሳትጠጣ የዋልክበትን ቀን ለሰው ማሳየት አይቻልም።

ምስክር የምትሆነኝ አንዲት ሰው ብቻ ነበረች፤ ከቆርቆሮ አጥራችን ወዲያ የሚኖሩት ሐጂያ። ከማዶ ወደዚህ፣ ከዚህ ወደ ማዶ ጨርቅ የሚያመላልሱ የተከበሩ ነጋዴ ናቸው። አማርኛቸውን ገበያ ላይ ነው የለመዱት፤ እሳቸውን ለማረም ግን እኔም ድፍረት የለኝም። ሚስቴ ሁልጊዜ የምትደውለው ለእሳቸው ነው። «ፉንዲ እንዴት ነው?» ትላለች፤ እሳቸው ያዩትን ይነግሯታል። መጠጣት ካቆምኩ ትንሽ ቆይቶ ሐጂያ ከሰዓት በኋላ የወተት ሻይ በፔርሙስ ይልኩልኝ ጀመር። ምንም አላሉም፤ ፔርሙሱ ብቻ ይመጣል። ያ ፔርሙስ በሰፈሩ ፊት የቀረችኝ ክብር ነበረች።

እንግዲህ ቀይ ፍሬ ከየት ይምጣ? በመጽሐፉ ውስጥ ያለው ፍሬ በእኛ አገር የለም። ዝናቡ ጥሎ ስለነበር ግን በአቅራቢያችን ካለችው ከኦዳ መንደር ሴቶች ዴካ ይዘው ገበያ ወጥተዋል። ዴካ የዱር ቁጥቋጦ ፍሬ ነው፤ ከአተር ብዙም አይበልጥም፣ ሲበስል ወደ ቀይ ያደላል፣ ላዩ ጣፋጭ ሆኖ ውስጡ ድንጋይ ነው። የሰፈሩ ልጆች አፋቸው ውስጥ እያንከባለሉ ይመጥጡትና ዘሩን እርስ በርስ ይተፋፉበታል። እኛ በጣሳ እየተሰፈረልን ገዛን። ሻጯ ለምን እንደሆነ ጠይቃኝ አፈላዋለሁ ስላት ሳቀች።

ከሰል ምድጃ ላይ ጥደን፣ በእንጨት ማንኪያ እየተጫንን አፈላነው። ልጄ መጽሐፉን ገልጣ ጎኔ ቆማለች፤ እኔ የማማስል፣ እሷ የምታዝ። ከፈላ በኋላ ቀለሙን አይታ ፊቷ ወደቀ። ቀይ አልሆነም፤ የዝገት ቀለም ነው። እንባዋ ሊመጣ ሲል ቀይ ሥር ቆራርጬ ጨመርኩበት። ወዲያው ቀላ፤ ያውም ዓይን የሚወጋ ቅላት። ልጄ አጨበጨበች፤ እኔም በራሴ ኮራሁ።

«ስኳሩ ከጭማቂው እኩል ነው ይላል» አለች።

«እኩል? እነዚህ ሰዎች የስኳር ፋብሪካ አላቸው? ግማሹ ይበቃል።»

«እኩል ነው የሚለው አባዬ።»

«ግማሹ ይበቃል አልኩሽ።»

ቀይ እስክሪብቶዬ ስኳሩም ላይ ደረሰ ማለት ነው።

ማጥለያ አልነበረንም። ልጄ ከሐጂያ ልትዋስ ሮጠች፤ ወዲያው ባዶ እጇን ተመለሰች። «የለኝም አሉ» አለች። ማጥለያቸው ከማድ ቤታቸው በር ላይ ተሰቅሎ ከአጥሩ ይታየኛል። እርጅና ነው፣ ረስተውት ነው ብዬ በእናቷ አሮጌ ሻሽ አጠለልነው።

ጠርሙስ ሲፈለግ ደግሞ የውሃ ፕላስቲክ አቀረብኩላት፤ አልሆነም። መጽሐፉ ላይ ከመስታወት የተሠራ ነው፣ ክዳኑ የሚጠብቅ። «ጠርሙስማ ከየት አመጣልሻለሁ?» ስላት አንድም ቃል ሳትናገር ወደ ሱቁ ገባች፤ ከተጣሉት ጎማዎች ኋላ እጇን ሰድዳ ሁለት ባዶ የአረቄ ጠርሙስ አወጣች። የእኔ ናቸው። እዚያ መኖራቸውን እኔ ራሴ ረስቼዋለሁ።

«ቦታውን ማን ነገረሽ?»

«ድሮም አውቀዋለሁ» አለች፤ ውሃ ልትቀዳ ሄደች። አጥባ አጥባ አነጣቻቸው። እኔ ቆሜ አያታለሁ። ያን ቦታ ማንም አያውቀውም ብዬ የኖርኩባቸውን ዓመታት አስቤ አንገቴን ደፋሁ። ትልቁ ሀፍረት ግን ገና በመንገድ ላይ ነበር።

ሁለቱንም ሞልታ ጥብቅ አድርጋ ከደነችና ጨለማ ቤት ስለሌለን አልጋዬ ሥር አኖረቻቸው። «እንግዳ ሲመጣ ነው የሚከፈተው» ብላ አዘዘችኝ።

በማግስቱ ፔርሙሱ አልመጣም። አሟቸው ይሆናል ብዬ ከአጥሩ ጫፍ ሰላምታ ብሰጥ፣ ሐጂያ «አልሐምዱሊላህ» ብለው ዘወር አሉ። በሌላውም ቀን አልመጣም። ሚስቴ ደግሞ ከወትሮዋ ውጪ በቀጥታ እኔ ጋ ደወለች። ደህንነቴን ጠየቀች፤ የልጇን ጠየቀች። «ሌላስ? ምን እየሠራችሁ ነው?» አለች። «ምንም» አልኳት። ልጄ እናቷ በመጣች ቀን ልታስገርማት ስላሰበች ነበር። ሚስቴ ስልኩን ዘጋች።

ከዚያ በኋላ ቅዳሜ ከሰዓት ሁለቱም አብረው መጡ፤ ሚስቴና ሐጂያ። ትምህርት ገና አልተዘጋም። ሚስቴ ትልቅ ባዶ ሻንጣ ይዛለች። አያችሁ የእኔን ነገር፤ ሻንጣውን አይቼ የገመትኩት ልብሷን አምጥታ ነው ብዬ ነው። ባዶ ሻንጣ እንዴት እንደሚያዝ የማላውቅ ይመስል። በደስታ ወንበር አቀረብኩ። ሐጂያ አልተቀመጡም፤ ከበሩ ጉበን አላለፉም።

«ድፍድፉ የት ነው?» አለች ሚስቴ።

እኔ ሳቅኩ። እስከ ዛሬ ያ ሳቄ ጆሮዬ ውስጥ አለ። «አንቺም ሰማሽ? ቆይ ላቅምስሽ እንጂ። ልጅሽ እኮ ናት የሠራችው፤ እኔ እንዴት እንደሚማሰል ነው ያሳየኋት። ሐጂያም ይቅመሱ።»

ሐጂያ ፊታቸውን በሻሻቸው ጫፍ ሸፈኑ። «አስተግፊሩላህ» አሉ ቀስ ብለው።

«እግዚአብሔር ያያል» አለች ሚስቴ። «ቢያንስ ትክዳለህ ብዬ ነበር።»

«ምኑን ነው የምክደው?»

የመለሱልኝ ሐጂያ ናቸው። «ፉንዲ፣ እኔ ዓይኔ አላየም፤ ጆሮዬ ነው የሰማ። ልጁ ነው በአፉ የነገረኝ። ‹ማጥለያ ስጡን፣ አባዬ ድፍድፍ ይሠራል› አለኝ። አንተ ፖምቤ ትጠጣለህ፣ ጠጣ፤ አላህ ይጠይቅሃል። በልጅ እጅ ግን ፖምቤ ይሠራል? በልጅ እጅ?»

ያን ጊዜ ነው የገባኝ። አፌን ከፈትኩና ማስረዳት ጀመርኩ። «ጭማቂ ነው! ቃሉ ነው ያሳሳታችሁ» አልኩ። «ድፍድፍ ማለት እኮ ወፍራም ሆኖ ውሃ የሚገባበት ነገር ነው፤ ያልተበጠበጠ ነገር። እርግጥ ለጠላ ይባላል፤ ግን የግድ ለጠላ ብቻ ነው ማለት አይደለም፤ ቃሉን ብናየው ደፈደፈ ከሚለው…» እጄን እያወዛወዝኩ፣ ድምፄን እያነሳሁ ቀጠልኩ። ሚስቴ ታየኛለች። ዓይኗ ውስጥ የነበረውን ሳይ መሃል ላይ ቆምኩ። ከማዶ ሰክሬ ስገባ የማደርገው ልክ ይህንኑ ነበር። ሌላው ሰካራም ይዘፍናል ወይም ይሳደባል፤ እኔ ቃል አስረዳለሁ። እኩለ መንገድ ላይ የቀረው ዓረፍተ ነገሬ ከምንም ማስረጃ በላይ መሰከረብኝ።

ልጄ እናቷን አይታ በደስታ ገብታለች፤ የተባለውን ሁሉ በሩ ሥር ሆና ሰምታለች። ያልተረዳችው ነገር እንዳለ ፊቷ ይናገራል። ሮጣ ከአልጋው ሥር አንዱን ጠርሙስ አወጣችና፣ እንደ መጽሐፉ ልጆች እንግዳ ልታስተናግድ፣ ጠረጴዛው ላይ አቆመችው። የአረቄ ጠርሙስ ነው፤ ውስጡ ደም የመሰለ ቀይ። ሚስቴ ጠርሙሱን አወቀችው። ከኪሴ ስንት ጊዜ አውጥታዋለች።

«ይኸው እማዬ። ስትመጪ ልንከፍተው ነበር» አለች ልጄ፤ ክዳኑን ጠመዘዘችው።

ፍሽሽ አለ። አረፋው ገንፍሎ በጣቶቿ ላይ ወረደ።

ዕድሜዬን በሙሉ ጎማ ሲተነፍስ ሰምቻለሁ፤ እንደዚያ ያለ ድምፅ ግን ሰምቼ አላውቅም። ሽታው ከቆምኩበት ደረሰኝ። ስኳሩ ያነሰው፣ በሞያሌ ሙቀት አልጋ ሥር የሰነበተው የልጄ ጭማቂ መብላላት ጀምሯል። በዚያ ቤት ውስጥ ሽታውን ከእኔ በላይ የሚያውቅ አልነበረም፤ እሱም አሳፈረኝ። ከሁሉም በፊት አፍንጫዬ ነበር የነቃው። አፌ ውስጥ ምራቅ ሞላ።

ሐጂያ «ላ ኢላሃ ኢለላህ» አሉ። ሚስቴ ጠርሙሱን አንስታ አሸተተች፤ ከዚያ ብርጭቆ ላይ ቀዳችና ወደ እኔ ገፋችው። «ጭማቂ ነው አይደል ያልከው? ጠጣው።»

ብርጭቆውን አየሁት። ቢጠጡት የሚገድል ነገር አይደለም። ምናልባትም ከኮመጠጠ ጭማቂ ያለፈ ነገር አልነበረም። ብጠጣው ንጹሕ ነኝ ማለት ነው፤ ጭማቂ ነው ብዬ አልነበር? ባልጠጣው ደግሞ ራሴው መጠጥ መሆኑን አመንኩ ማለት ነው። እጄን ወደ ኋላዬ ደበቅኩ።

«አልጠጣውም።»

«ለምን?»

«መጠጥ ከሆነስ?» አልኳት። «ከሆነስ? አንድ ጉንጭ ከሆነስ? አልችልም።»

ሚስቴ ብርጭቆውን ወደ ራሷ መለሰችው። እንደማፍር እያየችኝ እንኳ ዓይኔን ከወለሉ ማንሳት አቃተኝ። አንድ ትልቅ ሰው፣ የልጆች አባት፣ የዴካ ጭማቂ ፈርቶ እጁን ከጀርባው ደብቆ ቆሟል።

ልጄ ማልቀስ ጀመረች። እኔ ያልጠጣሁት ስላስጠላኝ መስሏታል። «ላንተ እኮ ነው የሠራሁት» አለች። «ለእንግዳ ያልኩት ውሸቴን ነው። ላንተ ነው። ማታ ማታ ያቺን ትንሿን ብርጭቆ ውሃ ሞልተህ ትቀመጣለህ። ውሃውን አትጠጣውም፤ ይዘሃት ዝም ብለህ ታያታለህ። እኔ የቤት ሥራ ስሠራ አይሃለሁ። መጽሐፉ ላይ ቀይ ነው ግን አያሰክርም። ቲቸርን ጠይቄያታለሁ። ያንን ብንቀዳልህ ብርጭቆዋን እያየህ ብቻ አታመሽም ብዬ ነው።»

ስለዚያች ብርጭቆ ማንም እንደማያውቅ ነበር የማምነው። የአረቄ መለኪያ ነች። ጠርሙሱን ሁሉ ስጥል እሷን አልጣልኳትም። ሲመሽ እጄ የሚይዘው ነገር ያጣል፤ ስለዚህ ውሃ እሞላባትና እይዛታለሁ። ልጄ ጀርባዋን ሰጥታኝ ሒሳብ የምትሠራ ይመስለኝ ነበር። ለካ እሷ እኔን ስትጠብቅ ነው የምታመሸው። ሌሎች ልጆች ጀብዱና ውድ ሀብት ፍለጋ የሚያነቡትን መጽሐፍ የእኔ ልጅ የአባቷን መድኃኒት ፈልጋበታለች። ልቤ ተሰበረ ብል ይቀለኛል፤ እውነቱ ግን ሀፍረት ነው። ቁጭ አልኩ፤ ፊቴንም በሁለት እጄ ሸፈንኩ።

ከዚያ የሐጂያ ነጠላ ጫማ ጉበኑን አልፎ ሲገባ ሰማሁ። ጠርሙሱን ከፊታቸው አርቀው ያዙና ከሩቅ አሸተቱት። ዕቃ አገላብጠው እንደሚገዙት ዓይነት አዩት። «ምን ምን አለው ይሄ?» አሏት ልጄን። ልጄ እያለቀሰች ዘረዘረችላቸው፤ ዴካ፣ ቀይ ሥር፣ ውሃ፣ ስኳር።

«ስኳር ስንት?»

ልጄ በጣቷ ወደ እኔ ጠቆመች። «መጽሐፉ እኩል ይላል፤ አባዬ ግማሹ ይበቃል አለ።»

«ስኳር ስስት ይገባል?» አሉ ሐጂያ። ከዚያ ወደ እኔ ዞሩ። «ይሄ ሸርበት ነው ፉንዲ። እኛ ቤት ለጾም መፍቻ የምንጠጣ ሸርበት። የተበላሸ ሸርበት ነው። አማርኛ አውቃለሁ ትላለህ፣ ሸርበት አትልም?»

ሸርበት። ከአጥሩ ወዲያ፣ በየረመዳኑ በጆግ ሲቀዳ አይቻለሁ። ስንት ጊዜ ልከውልን ጠጥቼዋለሁ። ቃሉ ከአጥሩ ወዲያ ቁጭ ብሎ ነበር፤ እኔ ግን እስከ ማዶ ተሻግሬ ድፍድፍን አመጣሁ።

ሚስቴ ሁለቱንም ጠርሙስ ወስዳ ከደጃችን ካለው ኒም ዛፍ ሥር ደፋቻቸው። አፈሩ ቀላ፤ ንቦች መጡ። ጠርሙሶቹን አጠገቡ ሰባብራ በማዳበሪያ ጠቅልላ ጣለች። ስትመለስ ልጇን አቅፋ ረጅም ጊዜ ተቀመጠች። ከእኔ ጋር አልተነጋገረችም። ድንበሩ ከመዘጋቱ በፊት ተነሳች። ሻንጣዋን አነሳች፤ ባዶውን። ልጄን አልወሰደቻትም።

በሩ ላይ ቆም አለች። «ዴካው ካላለቀ እንደገና ሞክሩ» አለችኝ። «ስኳሩን እሷ ትለካ።»

በማግስቱ ፔርሙሱ መጣ። አብሮት አንድ ፓኬት ስኳርና ማጥለያው መጡ። ሐጂያ ይቅርታ አላሉኝም፤ እኔም ይቅርታ የሚጠየቅ ሰው ነኝ ብዬ አላስብም። ሁለተኛውን ዙር ልጄ ብቻዋን ሠራችው፤ እኩል በእኩል፤ ሎሚ ጨምቃበት፣ ሐጂያ ቤት ፍሪጅ ውስጥ አስቀምጣ። እኔ ከሰል ከማቀጣጠል በቀር ምንም እንዳልነካ ታዝዤ ነበር። ማታ ማታ በዚያች መለኪያ ሳይሆን በሻይ ብርጭቆ ትቀዳልኛለች። መለኪያዋን እሷ የት እንዳደረሰቻት አልጠየቅኩም።

ትምህርት ሲዘጋ ሚስቴ ትንሹን ልጃችንን በቦዳቦዳ፣ በኪራይ ሞተር ሳይክል፣ ከፊቷ አስቀምጣ፣ ፍራሽ የጫነ ሌላ ቦዳቦዳ አስከትላ ተመለሰች። ሰፈሩ እስኪሰለቸው አየን። እኔ ፍራሹን ተሸክሜ ስገባ ማንም እንዳያየኝ ቸኩዬ ነበር።

አንድ እሑድ የሚስቴ ታላቅ ወንድም ከማዶ ሊጠይቀን መጣ። እህቱን እንዴት እንዳሳዘንኳት አይረሳም፤ ሲጨብጠኝም ትንፋሼን ለማሽተት ጠጋ ይላል። አልፈርድበትም። ልጄ እንደ መጽሐፉ ልጆች ቀጥ ብላ በሳህን ላይ ብርጭቆዎቹን ደርድራ ገባች። ሰውየው ብርጭቆውን ወደ ብርሃኑ አንስቶ ቀይነቱን አየና «ይሄ ምንድን ነው የኔ ልጅ?» አላት።

ልጄ አፏን ከፈተች። ከንፈሯ ላይ «ድ» የሚለው ፊደል ሲመጣ አይቻለሁ። ያ ቃል የእሷ ነበር፤ ጎማው ላይ ተቀምጣ ከእኔ የተቀበለችው፣ የጣማት ቃል፤ እኛ ብቻችንን ስንሆን አሁንም የምትጠራበት። ከመናገሯ በፊት ዞራ አየችኝ። ትንሽ ብቻ ነው ያየችኝ።

«ሸርበት ነው» አለችው።

ልጄን አማርኛ ያስተማርኳት እኔ ነኝ። ቃል መዋጥንም ከእኔ ተማረች። ሰውየው ቀምሶ ጥሩ ነው አለ፤ ሚስቴ ሳቀች። እኔም ብርጭቆዬን አንስቼ እስከ ታች ጠጣሁት፤ ቀና ብዬ ግን ልጄን አላየኋትም።